"ሜጋ" ምን?

ኢንተርኔቱ ሲንቀራፈፍብን "ባንድዊድዙ አልበቃም" ብለን እንገላገላለን። ግን የትኛው ባንድዊድዝ?

ለሲግናል መሐንዲሱ ባንድዊድዝ ማለት የፍሪኩዌንሲ ስፋት ነው፤ መለኪያውም ኸርዝ። የድሮው የስልክ መስመር ከ300 እስከ 3,400 ኸርዝ ያለውን ድምፅ ስለሚያሳልፍ ስፋቱ 3,100 ኸርዝ ነው። ለኔትወርክ ባለሙያው ግን ባንድዊድዝ በሰከንድ የሚያልፈው የቢት ብዛት ነው። በዚያው ቀጭን መስመር ሞደም በሰከንድ እስከ 33,600 ቢት ያሳልፍ ነበር። ሁለቱን ያገናኘው ክሎድ ሻነን ነው። በ1948 እ.ኤ.አ. የቢቱን ጣሪያ የሚወስነው የመስመሩ ስፋት ብቻ ሳይሆን ሲግናሉ ከመስመሩ ጩኸት ምን ያህል እንደሚበልጥም ጭምር መሆኑን አሳየ።

ታዲያ እኛን ምን አገባን? ኪሳችን ነዋ! "8 ሜጋ" ተብሎ የሚሸጥልን ሜጋቢት ነው። ፋይል ስናወርድ ኮምፒውተራችን ብዙ ጊዜ የሚቆጥርልን ደግሞ በሜጋባይት ነው። 1 ባይት 8 ቢት ስለሆነ፣ ቢበዛ በሰከንድ 1 ሜጋባይት ብናይ ነው። ማንም አልዋሸንም። "እስከ" የምትለዋ ቃል ስትጨመርበት ግን ጣሪያውን እንጂ ወለሉን አናውቅም።

መሐንዲሶቹ ቃሉን ቢጋሩት ግድ የለንም፤ ኸርዝ ወይም ቢት እያሉ ይለዩታል። ሻጭ ግን ከ"ሜጋ" በኋላ ያለውን ሊውጥብን አይገባም። ውሉ ላይ ሙሉው ይጻፍ፤ እኛም ከመፈረማችን በፊት "ሜጋ ምን?" እንበል።