ማገልገል ማነስ አይደለም

«ጥሩ የፊልም ሙዚቃ ማለት ተመልካቹ ልብ የማይለው ነው» የሚል አባባል አለ። ብዙዎች እንደ ጥበብ ሕግ ይደጋግሙታል። እኔ ግን ስድብ ነው እላለሁ። «ጥሩ ግጥም አንባቢው ልብ የማይለው ነው» የሚል ሰው አጋጥሟችሁ ያውቃል? ታዲያ ሙዚቃ ከምስል ጋር ሲጣመር ብቻ አለመሰማት እንደ ጨዋነት የሚቆጠርለት ለምንድን ነው?

ምስክሬ ጣልያናዊው ኤንዮ ሞሪኮኔ ነው። እ.ኤ.አ. በ1928 ሮም ተወለደ፤ እንደ አባቱ ትራምፔት ነፊ ሆነ፤ በሳንታ ቼቺሊያ ኮንሰርቫቶሪ ከጎፍሬዶ ፔትራሲ ዘንድ የሙዚቃ ድርሰት ተማረ። ለሲኒማና ለቴሌቪዥን ከ400 በላይ ሥራዎችን ደረሰ። በ1964 ሰርጂዮ ሌዮኔ «ኤ ፊስትፉል ኦፍ ዶላርስ»ን ሲሠራ ለሙሉ ኦርኬስትራ የሚበቃ ገንዘብ አልነበረም። ሞሪኮኔ ግን በፉጨት፣ በጅራፍ ጩኸትና በኤሌክትሪክ ጊታር ማንም ያልሰማውን ድምፅ ፈጠረ። ያ ሙዚቃ ልብ ባይባል ኖሮ ከፊልሙ ምን ይተርፍ ነበር? አቧራ፣ ፈረስና ላብ ያጠመቀው ፊት ብቻ! በ1968 «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» ሲቀረጽ ደግሞ ሙዚቃው አስቀድሞ ተዘጋጅቶ ስለነበር በቀረጻው ስፍራ ይሰማ ነበር፤ ተዋንያኑ በዜማው ልክ ተራመዱ። እስቲ ንገሩኝ፤ በዚያ ፊልም ላይ አገልጋዩ ዜማው ነው ወይስ ምስሉ?

የኮንሰርት አዳራሽ ሊቃውንት ሌላ ክስ ያቀርባሉ፦ በትእዛዝ፣ በቀነ ገደብ፣ ለሌላ ሰው ታሪክ የተጻፈ ሙዚቃ ነጻ ጥበብ አይደለም ይላሉ። መምህሩ ፔትራሲ እንኳ በ1949 ለ«ሪዞ አማሮ» ፊልም ሙዚቃ መጻፉን ረስተውት ይሆን? ለእኛ ደግሞ ከዚህ የቀረበ መልስ አለን። የቅዱስ ያሬድ ዜማ ጸሎትን ያገለግላል፤ ከቃሉ አይለይም፤ ከበዓሉ ሥርዓት አይወጣም። ቅዱሱን ከዓለማዊው ጋር ማስተካከሌ አይደለም። ነገር ግን ዜማው ስላገለገለ አነሰ የሚል ማን ነው?

የንቀቱ ዋጋ በሞሪኮኔ ላይ ታይቷል። የ1986ቱ «ዘ ሚሽን» ሙዚቃው ለኦስካር ታጭቶ ሳያሸንፍ ቀረ። አምስት ጊዜ ታጭቶ ባዶ እጁን ከተመለሰ በኋላ በ2007 የክብር ሽልማት ሰጡት፤ ለእኔ ግን ይህ የዘገየ ካሣ ነው። ተወዳድሮ ያሸነፈው በ2016 ነበር፤ ያኔ 87 ዓመቱ ነው። በ2020 አረፈ።

ስለ ፊልም የምትጽፉ ሆይ! ስለ ተዋናዩ ገጽ ሙሉ ትጽፋላችሁ፤ ስለ ታሪኩ ትከራከራላችሁ፤ ስለ ዜማው ግን «ሙዚቃውም ጥሩ ነበር» ብላችሁ ታልፋላችሁ። ለአንዲት ስንኝ ቤት አመታት የምንጨነቀውን ያህል፣ ያ ዜማ ለምን እዚያ ቦታ ላይ እንደገባ፣ ለምንስ እዚያ ላይ ዝም እንዳለ ጠይቁ። ይህን ሳትጠይቁ የጻፋችሁት ሂስ የፊልሙን ግማሽ ብቻ ያየ ነው።