የታሸገው ሣጥን በቤተ ሙከራ ይከፈት

ለብዙ ተማሪ የመጀመሪያውም ብቸኛውም ኮምፒዩተር የእጅ ስልኩ ነው። ይሁንና ስልኩን እንገለገልበታለን እንጂ አንመረምረውም። የአንድሮይድ መሠረታዊ የምንጭ ኮድ ለማንም ክፍት ሆኖ ሳለ መሣሪያውን እንደ ታሸገ ሣጥን መመልከታችን ሊያሳስበን ይገባል።

ሣጥኑን የሚከፍቱ መሣሪያዎች ከተፈጠሩ ሰንብተዋል። እ.ኤ.አ. በ2012 የወጣውን ኤክስፖዝድን ለአብነት እንውሰድ። በአንድሮይድ ውስጥ አፕሊኬሽኖች የሚወለዱት ዛይጎት ከተባለች አንዲት እናት ፕሮግራም ነው፤ ስያሜውም ከሥነ ሕይወት የተወሰደ ነው። ኤክስፖዝድ ወደዚህች እናት ይገባና ከእርሷ በሚወለዱት ውስጥ አንድ የተመረጠ የኮድ ክፍል ከመሥራቱ በፊት ወይም ከሠራ በኋላ ውጤቱን ለመለወጥ ያስችላል።

የኤክስፖዝድ ደራሲ ለጀማሪዎች ያቀረበው ምሳሌ በስክሪኑ አናት ላይ ያለውን ሰዓት ቀይ ማድረግ ነበር። ለእኛ ተማሪዎች ግን የተሻለ ልምምድ አለ፤ ይኸውም ስድስት ሰዓት ቀንሶ የጠዋቱን 9፡00 በእኛ አቆጣጠር 3፡00 ማድረግ ነው። ሥራው ቀላል ይምሰል እንጂ 6፡00 ላይ ሲደርስ ቅነሳው ዜሮ ይሰጣል፤ እኛ ግን 12 እንላለን። ከዚህም በላይ የተለወጠው ንባቡ ብቻ ነው፤ ስልኩ በውስጡ የሚቆጥረው ጊዜ ስላልተነካ ማንቂያው በወትሮው ቅጽበት ይደውላል። በንባብና በሚለካው ነገር መካከል ያለውን ይህን ልዩነት ነው በፊዚክስ ክፍል ደጋግመን የምናስተምረው።

አደጋው ግን ሊዘነጋ አይገባም። ሰዓት የሚለውጠው በር መልእክትና የይለፍ ቃልም ያነብባል። ስልኩን ለዚህ ሥራ ለመክፈት የሚደረገው እርምጃም በአብዛኛው በውስጡ ያለውን መረጃ ያጠፋል፤ የአጀማመር ጥበቃውን ያላላል፤ ብዙ የባንክ አፕሊኬሽኖችም በተከፈተ ስልክ ላይ አንሠራም ይላሉ። ሌላ ሰው የሠራውን ጭማሪ ሳይመረምር የሚጭን ተማሪም አንዱን የታሸገ ሣጥን በሌላ ለወጠ እንጂ አንዳች አልተማረም።

ስለዚህ ሙከራው በዕለት ተዕለት ስልክ ላይ ሳይሆን በኢሙሌተር ወይም ከአገልግሎት በወጣ ስልክ ላይ ይካሄድ። የትምህርት ክፍሎችም ለዚሁ አንድ ጠረጴዛና ጥቂት አሮጌ ስልኮች ይመድቡ። ተማሪው አንድ ነገር ብቻ ይለውጥ፣ የሚሆነውን አስቀድሞ ይገምት፣ ያየውንም ይመዝግብ። ሳይንስ የሚጀምረው ከዚህ ነው።