«ፈህምቲ?» ሲሉሽ

በየቀኑ ከምትሰሚያቸው የዓረብኛ ቃላት አንዷ «ፈህምቲ?» ናት። ገባሽ ወይ ማለት ነው። መልሱም የታወቀ ነው፦ «ነዓም»፣ «ተማም»። ጥያቄው ስለ ድስት ወይም ስለ ልጅ ወተት ከሆነ እውነትም ገብቶሻል። ስለ ወረቀት ሲሆን ግን፣ በትርጉም ሥራዬ እንዳየሁት፣ ብዙ ጊዜ የገባው ቃሉ እንጂ ነገሩ አይደለም። ዛሬ የምጽፍልሽ ስለዚህ ልዩነት ነው። አንድ ሐሳብ በአእምሮ የሚያዝ እንዲሆን የሚያደርገው ምንድን ነው? ሳይያዝ የሚያመልጠውስ ለምን ያመልጣል? (ሹፌር፣ ዘበኛና አትክልተኛ ወንድሞቻችንም እንደምታነቡ አውቃለሁ። የሚበዙት እህቶች ስለሆኑ «አንቺ» እያልኩ እቀጥላለሁ፤ አትቀየሙኝ።)

ጥያቄው የፈላስፎች ይመስላል። ነውም። ነገር ግን ፈላስፋው ባይመልሰው ደመወዙ አይቀርበትም፤ አንቺ ግን የምትፈርሚው ወረቀት አለ።

ዓረቦች አእምሮን «ዐቅል» ይሉታል። ቃሉ ለእኛም ባዳ አይደለም፤ የደነገጠ ሰው «አቅሌን ሳትኩ» ይል የለ? የቃሉ ሥር መቀየድ፣ ማሰር ማለት ነው። ግመል ተነሥታ እንዳትሄድ የፊት እግሯ ታጥፎ የሚታሰርበት ገመድ «ዒቃል» ይባላል። የቤቱ ጌታ ከሻሹ በላይ ራሱ ላይ የሚያደርገው፣ አንቺም ቦታ ቦታው የምትመልሺው ጥቁር ክብ ገመድ ስሙ ያው ዒቃል ነው። «ማዕቁል» ደግሞ በአእምሮ የተያዘ ማለት ነው። ማዳም ስልክ ላይ ሆና «ሙ ማዕቁል!» ስትል ሰምተሻታል፤ «አእምሮ አይቀበለውም፣ ሊሆን አይችልም» ማለቷ ነው። እንግዲህ በዓረብኛው ዐቅል የሚሄደውን ነገር ያስራል። በአማርኛ ግን ነገሩ ራሱ መጥቶ «ይገባናል»፤ የእኛ ድርሻ በር ከፍቶ መጠበቅ ብቻ ይመስላል። ቋንቋዬን እወዳለሁ፣ በዚህ ጉዳይ ግን ለዓረቡ እፈርዳለሁ። ሐሳብ ቁጭ ብለሽ ስትጠብቂው አይገባም። ገመድ ይፈልጋል።

ገመዱ ከምን ይሠራል? ቡኻራ አጠገብ የተወለደው ሐኪምና ፈላስፋ ኢብን ሲና (980–1037) በዚህ ላይ ብዙ ጽፏል። ዓይን ሰውን የሚያየው ከነቀለሙ፣ ከነቁመቱ፣ ከነቆመበት ቦታ ነው ይላል። አእምሮ ግን እነዚህን አንድ በአንድ ገፎ የሚቀረውን፣ «ሰው» የሚለውን ብቻ ይወስዳል። መግፈፉን «ተጅሪድ» ይሉታል። እሸት ባቄላ መፈልፈል እንደማለት ነው።

ይህን አንቺ ራስሽ አድርገሽዋል። መጀመሪያ የገባሽ ሳምንት ማዳም ትንሿን የቡና ስኒ እያሳየች «ፊንጃን» አለችሽ (የእኛም የድሮ ሰዎች «ፍንጃል» ይሏት ነበር)። በማግሥቱ ጠርዘ ወርቋን «ፊንጃን» አለች፣ ደግሞ በሌላ ቀን የእንግዳዋን። ከዚያ በኋላ ማንም ሳያሳይሽ፣ አይተሽው የማታውቂውንም ስኒ ፊንጃን አልሽው። ልብ በዪ፣ መጀመሪያ የመጣው ዕቃው ነው፤ ፍሬው የተፈለፈለው ከዚያ በኋላ ነው። ውሃም እንደዚሁ ነው። ሳዑዲ ያላችሁ «ሞያ»፣ ኩዌት ያላችሁ «ማይ» የሚለውን በአንድ ቀን የያዛችሁት ብርጭቆው ፊታችሁ ስለነበረ ነው። (ግዕዝም ውሃን «ማይ» እንደሚለው ስነግራቸው የሚስቁ አሉ።)

ወረቀት ላይ ግን ነገሩ ይገለበጣል። ፍሬው ተፈልፍሎ ይሰጥሻል፤ እሸቱን አላየሽውም። «ሙስተሐቃት» የሚለውን ቃል ውሰጂ። ማዳም ጠረጴዛ ላይ አስቀምጣ «ሃይ ሙስተሐቃት» ብላ ልታሳይሽ አትችልም። አምስት ዓመት ሙሉ ስትሰሚው ትኖሪያለሽ፤ «ስለ ገንዘብ ነገር ነው» ከማለት ሳታልፊ። ቃሉ የተሠራው ግን ከ«ሐቅ» ነው። አማርኛችን ሐቅን በብዛት ለእውነት ይጠቀምበታል፤ ዓረብኛ ግን ለእውነትም ይለዋል፣ ለአንድ ሰው ለሚገባው ነገርም ይለዋል። ሙስተሐቃት ማለት ሐቅሽ የሆነው ሁሉ ነው፦ ያልተከፈለሽ ደመወዝ፣ ያልወጣሽው የዓመት ፈቃድ፣ ሥራ ስታቆሚ የሚሰጥሽ ገንዘብ። አሁን ቃሉን የምትይዥበት ጫፍ አገኘሽ።

«አልተማሩም፣ ሕግ ቢነገራቸው አይገባቸውም» የሚሉ ደላሎችና የመክተብ ሰዎች አሉ። ይህን ስሰማ እናደዳለሁ። የሠላሳ ሰው እቁብ ዕጣ፣ ተራና ዋስ በጭንቅላቷ የያዘች፣ የሪያሉን ምንዛሪ ከባንክ ሠራተኛ ቀድማ የምታሰላ ሴት፣ ሕግ ሊገባት የማይችልበት ምክንያት የለም። ችግሩ ሌላ ቦታ ነው።

አንዱ ችግር ከቤታችን ይዘነው የመጣነው ልማድ ነው። የቄስ ተማሪው ዳዊትን በግዕዝ የሚያነበንበው ትርጉሙን ሳያውቅ ነው። ቁርኣን የሚቀራው ልጅም ዓረብኛውን በቃሉ ይይዘዋል። ትርጉሙ የሚመጣው ዘግይቶ ነው፤ በአንድ ወገን መጻሕፍት ቤት ገብቶ «አንድም» እየተባለ፣ በሌላው ወገን ወሎ ውስጥ ደረሳው ሸኹ ፊት ተቀምጦ ኪታቡ በአማርኛ ሲፈታለት። ይህን ትምህርት የምንቀው አይደለም፤ ብርቱ ትዝታና ትዕግሥት ሰጥቶናል። ግን ንባብና ትርጓሜ ሁለት የተለያዩ ቤቶች ሆኑ፣ በመጀመሪያው ቤት መቆምም ነውር አልሆነም። ጸሎት ላይ ይህ ምንም አይደለም፣ እግዜርም አላህም ያውቃል። ኮንትራት ላይ ግን የሚያውቅልሽ የለም።

ሁለተኛው ችግር የዓረፍተ ነገሩ ነው፤ በዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ። «ለሠራተኛዋ በቂ ዕረፍት ይሰጣታል» የሚል ጽሑፍ ቢነበብልሽ ገባኝ ትያለሽ። እስቲ አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ይህ ቃል ሲፈርስ በምን ታውቂያለሽ? ሌሊት በሰባት ሰዓት ተኝተሽ በአሥራ አንድ ብትነሺ ፈርሷል? እሷ በቂ ነው ትላለች፣ አንቺ አይበቃም ትያለሽ፣ ዓረፍተ ነገሩ ደግሞ ከሁለታችሁም ጋር ይስማማል። ከማንም ጋር የሚስማማ ዓረፍተ ነገር የሚያዝ ነገር የለውም። አሁን ደግሞ ይህን እይ። የተባበሩት ዓረብ ኤሚሬቶች እ.ኤ.አ. በ2022 ያወጣችው የቤት ሠራተኞች ሕግ በቀን 12 ሰዓት ዕረፍት ይላል፣ ከዚያ ውስጥም ቢያንስ 8ቱ ሳይቆራረጥ። ሌሊት ሦስት ጊዜ ለሕፃን የተቀሰቀሰች እህት ይህ መፍረሱን ለማወቅ የሕግ ዲግሪ አያስፈልጋትም። የኳታር የ2017ቱ ሕግ ቁጥር 15 በቀን ከ10 ሰዓት ሥራ አይበልጥም ይላል። ይህም ይያዛል። የሚያዝ ሐሳብ ማለት መቼ እንደፈረሰ መናገር የሚቻልበት ነው። ስለዚህ አንድ ወረቀት ሲነበብልሽ ጉም ከመሰለሽ ራስሽን ደንቆሮ አትበዪ። ጉም ሆኖ የተጻፈም ይኖራል።

ሦስተኛው እኛ ነን፣ ተርጓሚዎቹ። «ኒሃየት አል ኺድማ» የሚለውን «የአገልግሎት ማብቂያ ጥቅማጥቅም» ብሎ የሚተረጉም ባልደረባ የዓረቡን ግንብ አፍርሶ በቦታው የአማርኛ ግንብ ነው ያቆመው። አንዱም ቃል ስሕተት የለበትም፤ የያዘው ሰው ግን የለም። አማርኛችን ውብ ቃል አለው፣ «ውል»። ስምምነትም ውል ነው፣ የተጠቀለለ ክር መያዣ ጫፉም ውል ነው። ልቃቂቱ ውሉ ሲጠፋ ምንም ያህል ክር ቢኖረው አይፈታም። የተርጓሚ ሥራ ያን ጫፍ አውጥቶ እጅሽ ላይ ማስቀመጥ ይመስለኛል።

እንሞክረው። ኩዌት ውስጥ የ2015ቱ ሕግ ቁጥር 68 ለቤት ሠራተኛ ውሏ ሲያበቃ ለሠራችበት ለያንዳንዱ ዓመት የአንድ ወር ደመወዝ ይሰጣት ይላል። ደመወዝሽ 90 ዲናር ቢሆንና አራት ዓመት ብትሠሪ 360 ዲናር ነው። እንደ እቁብ አድርገሽ አስቢው፤ በየዓመቱ አንድ ወር በስምሽ እየተጠራቀመ ይሄዳል፣ ስትወጪ ይደርስሻል። ምሳሌው የሚሰበርበትንም ቦታ ልንገርሽ፣ ካልነገርኩሽ ግማሹን ደብቄሻለሁ። እቁብ ላይ የምታስቀምጪው የራስሽን ገንዘብ ነው፤ ይህኛው ግን ከደመወዝሽ የሚቆረጥ አይደለም፣ አሠሪው ከኪሱ የሚጨምረው ነው። «ከደመወዝሽ ላይ እያስቀመጥኩልሽ ነው» ካለሽ ሌላ ነገር እያወራ ነው። ኳታር ላይ ደግሞ ስሙ ያው ሆኖ መጠኑ ቢያንስ በዓመት የሦስት ሳምንት ነው። የጓደኛሽን ቁጥር ይዘሽ የራስሽን አታስዪ።

«ከፊል» የሚለውን ቃል ሁላችንም «ዋስ» እያልን እንተረጉመዋለን፤ ጥሩ ጫፍ ነው። ግን ያገራችን ዋስ ስትበደሪ ከጎንሽ ቆሞ ካንቺ ጋር የሚጨነቅ ሰው ነው። እዚህ ያለው ዋስ አሠሪሽም ነው። ከእሱ ጋር ብትጣዪ ዋስሽም ባላጋራሽም ያው አንድ ሰው ይሆናል። ምሳሌ እስከሚያደርስሽ ድረስ ሂጂበት፣ ከዚያ ውረጂ።

ወደ ዋናው ልምጣ። ሥራ ስትለቂ ወይም አገር ስትገቢ የሚሰጥሽ አንድ ወረቀት አለ፤ «ሙኻለሳ» ይባላል። ስሙ አያስፈራሽ፣ በቀን ሃምሳ ጊዜ የምትሰሚው «ኸላስ» ነው። በመካከላችን ያለው ሒሳብ ኸላስ፣ አልቋል የሚል ወረቀት ነው። አንድ ጊዜ አንዲት እህት እንዲህ ያለ ወረቀት ፊቷ ተዘርግቶ እስክሪብቶ ይዛ ሳለ ለማስተርጎም ተጠራሁ። «ፈህምቲ?» አሏት፣ «ነዓም» አለች። ከማስተርጎሜ በፊት፣ ምን እንደሚል በራስሽ አባባል ንገሪኝ አልኳት። «ሥራ ጨርሻለሁ ነው የሚለው» አለች። ኸላስን ይዛለች፤ ያለቀው ምን እንደሆነ ግን አልያዘችም። ወረቀቱ ደመወዜንና የሚገባኝን ሁሉ ተቀብያለሁ፣ ከእንግዲህ የምጠይቀው የለኝም እንደሚል ነገርኳት። ለጊዜው ዝም አለች። ከዚያ «ታዲያ የሦስት ወሩስ?» አለች።

የገባት ያኔ ነው። በ«ነዓም» አይደለም፤ በጥያቄው ነው። ሐሳብ በእጅ ሲገባ ከራስ ኑሮ ጋር ይጋጫል፣ ሲጋጭም ጥያቄ ይወጣዋል። ጥያቄ ያልወጣው ነገር ገና በሩቅ የሚያልፍ ግመል ነው። አሠሪዎችም፣ የቢሮ ሰዎችም፣ እኛም ራስ መነቅነቅን እንደ መልስ መቀበል ብናቆም ጥሩ ነበር። «በራስሽ አባባል ንገሪኝ» ማለት ሁለት ደቂቃ አይፈጅም።

እነሱ ባይጠይቁሽም አንቺ ለራስሽ ጠይቂ። ወረቀቱን የሚያነብልሽ ሰው ካገኘሽ «ምን ይላል?» ብቻ አትበዪው፤ «ደህና ነው፣ ፈርሚ» ይልሻል። ስንት ብር እንደተጻፈበት፣ ከየትኛው ወር እስከ የትኛው ወር እንደሆነ ጠይቂው። «ኢስተለምቱ» የሚል ቃል ካለ እንዲያሳይሽ አድርጊ። «ተቀበልኩ» ማለት ነው፣ ያለፈ ነገር። «እቀበላለሁ» አይደለም። ገንዘቡ ነገ ይመጣል ከተባልሽ ነገ ሲመጣ እንደምትፈርሚ ንገሪያቸው። ዓረብኛው ቀላል ነው፦ «ባዕደይን ተውቂዕ፣ አወል ፉሉስ»። ሰዋስዉ አያምርም፤ ይገባቸዋል። ከፈረምሽም በኋላ ወረቀቱን በስልክሽ ፎቶ አንሺው፣ ፎቶውንም አገር ቤት ላለ ለምታምኚው ሰው ላኪ፤ ስልክ ይጠፋል።