ቴሌቪዥን አልዋጠውም

ስለ ፈረንሳዊው ተዋናይ ስለ ብሩኖ ክሬሜር በተነሣ ቁጥር የምትደገም ፍርድ አለች፦ ትልቅ የሲኒማ ሰው ነበር፣ ኋላ ቴሌቪዥን ዋጠው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1991 እስከ 2005 የልብ ወለዱን መርማሪ ፖሊስ፣ ኮሚሽነር ሜግሬን፣ በ54 ክፍሎች መጫወቱ የጡረታ ሥራ፣ የእንጀራ ነገር ሆኖ ይወራል። ይህ ፍርድ ሐሰት ነው፤ በሰውየው ላይም ግፍ ነው።

መጀመሪያ ተዋጠ የሚባለው ምን እንደነበር እንይ። ክሬሜርን ሲኒማው ያወቀው በፒየር ሾንዶርፈር «317ኛው መቶ» በተሰኘው የ1965 ፊልም ነው። በኢንዶቺና ጦርነት መጨረሻ፣ የፈረንሳዮች ምሽግ ዲየን ቢየን ፉ ሲወድቅ፣ በጫካ የሚያፈገፍግ ጦር ውስጥ ብዙ ያየውን አንጋፋ የበታች ሹም ይጫወታል። ወጣቱ ምክትል መቶ አለቃ ስለ ቁስለኞቹ ሲብሰለሰል፣ ክሬሜር ጫካውን ያዳምጣል። ቃላቱ ጥቂት ናቸው፤ ግን ጦሩን በሕይወት ያቆየው ማን እንደሆነ ከአቋሙ ይታወቃል።

አሁን ሜግሬን ተመልከቱ። ካፖርቱን እንደለበሰ፣ ባርኔጣውን ሳያወልቅ ከተጠርጣሪው ቤት ይገባል። ሰውየው ይለፈልፋል። ክሬሜር ፒፓውን በአውራ ጣቱ ጠቅጠቅ ያደርጋል፣ ይለኩሳል፣ ወደ መስኮቱ ዞር ይላል። ጥያቄ የለም። ዝምታው ሲረዝም ተጠርጣሪው ሊሸፍነው ይሞክራል፤ ሲሸፍነውም ይሳሳታል። ይህ ያው የጫካው ተዋናይ ነው። ልዩነቱ ሲኒማ ይህን ችሎታ በሁለት ሰዓት ሲጨርሰው፣ ቴሌቪዥን ዓሥራ አራት ዓመት ሰጠው። ያ ዝምታ አንዴ እዝነት፣ አንዴ ቁጣ፣ አንዴ ድካም ሲሆን ያየነው በዚህ ምክንያት ነው።

የሲኒማው ኮከብ ዣን ጋባንስ? ያንኑ ሜግሬን በሲኒማ ሦስት ጊዜ ሲጫወት ተቀበረ ያለው የለም። እንግዲያው የተናቀው ስክሪኑ እንጂ ትወናው አይደለም።

ከክፍሎቹ ደካሞች አሉ ይባላል። ይኑሩ፤ ፊልሙ ሁሉ ያማረለት ተዋናይ ማን ነው?

«ዋጠው» የሚሉት ደግሞ 2000 ላይ ዝም ይላሉ። ሜግሬ ገና ሳያልቅ፣ ፍራንስዋ ኦዞን «ከአሸዋው ሥር» ለተባለው ፊልሙ የጠራው እሱን ነው። ሻርሎት ራምፕሊንግ ከምትጫወታት ሚስቱ ጋር ወደ ባሕር ዳርቻ ይሄዳል፤ ለማገዶ እንጨት ይለቅማል፤ በማግስቱ ልዋኝ ብሎ እንደወጣ ይቀራል። ከዚያ ወዲያ የምናየው በሚስቱ ምኞት ውስጥ ብቻ ነው። ሆኖም ፊልሙ በሙሉ በእሱ አለመኖር የተሞላ ነው። በጥቂት ደቂቃ እንዲህ ያለ ክብደት ትቶ መሄድ የሚችለው፣ ሳይናገር መኖርን ለዓመታት የሠራበት ሰው ነው።

በመጨረሻው የሜግሬ ክፍል ሕመም ድምፁን ስለነጠቀው ሌላ ተዋናይ ተናገረለት። ሜግሬ ግን ሜግሬ ሆኖ ቀረ። ክሬሜር በ2010 በ80 ዓመቱ ሲያርፍ ትቶልን የሄደው ትልቁ ሥራ በቴሌቪዥን የሠራው ነው፤ በዝምታ መጫወትን በተመለከተም ከትውልዱ የፈረንሳይ ተዋንያን አንድም አቻ አልነበረውም።