ዐዋቂው እንግዳ በጋራው መዝገብ

ሰዎች በኅብረት በሚያከናውኑት ሥራ ውስጥ ካላወቀው ሰው ይልቅ ዐዋቂውን ተቀብሎ ማስተናገድ የሚከብድበት ጊዜ አለ። ነገሩ ለጆሮ እንግዳ ቢመስልም፣ ዊኪፔዲያ የተባለው የኢንተርኔት መዝገበ ዕውቀት ያሳለፈው ታሪክ ይህንኑ ያስረዳል። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት፣ «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ዊኪፔዲያ በጥር 2001 በሁለት አሜሪካውያን፣ በጂሚ ዌልስና በላሪ ሳንገር አማካይነት ተመሠረተ። ከዚያ በፊት ሁለቱ ሰዎች ኑፔዲያ የሚባል መዝገብ ያዘጋጁ ነበር። ኑፔዲያ የሚታመነው በምሁራን ብቻ ሲሆን፣ እያንዳንዱ ጽሑፍ ለንባብ ከመብቃቱ በፊት በሰባት ደረጃ ይመረመር ነበር። ጥንቃቄው የሚያስመሰግን ነው፤ ፍሬው ግን በመጀመሪያው ዓመት 30 ጽሑፎች እንኳ አልሞላም። ዊኪፔዲያ በአንጻሩ በሩን ለሁሉም ከፈተ። ማንኛውም አንባቢ ገጹን ማረም ይችላል፤ የተደረገው ለውጥ ሁሉ ተመዝግቦ ይቀመጣል፤ የተሳሳተውንም ሌላው መልሶ ያቃናዋል። በዚህም አሠራር የመጀመሪያው ዓመት ሳያልቅ 20,000 ያህል ጽሑፎች ተሰበሰቡ።

በተከፈተ በር የሚገባው ግን ደግ ሰው ብቻ አይደለም። ቀልደኛውም፣ ተሳዳቢውም፣ ስሙን ለማስጠራት የሚሻውም አብሮ ገባ። ስለዚህ ነባሮቹ አዘጋጆች የሚጻፈው ሁሉ በታመነ ምንጭ ይደገፍ፣ ማንም ያልታተመ ምርምሩን በዚህ አያውጣ የሚል ሕግ ደነገጉ። ሰውና ሰው በዐይን በማይተያይበት ስፍራ «እኔ ፕሮፌሰር ነኝ» ማለት ማረጋገጫ ሊሆን አይችልምና፣ ሕጉ ተገቢ ነው። ችግሩ ያለው ሕጉ ለእንግዳ በሚነገርበት አኳኋን ላይ ነው።

ቲሞቲ ሜሰር ክሩስ የተባሉት አሜሪካዊ የታሪክ ምሁር የገጠማቸው ነገር ለዚህ ምሳሌ ይሆናል። ምሁሩ በ1886 ቺካጎ ውስጥ ሄይማርኬት በተባለው ስፍራ በሠራተኞች ስብሰባ ላይ የፈነዳውን ቦምብና እርሱን ተከትሎ የመጣውን የፍርድ ሂደት ለዐሥር ዓመታት መርምረዋል። (በኢትዮጵያ ሚያዝያ 23 ቀን የሚከበረው ዓለም አቀፍ የሠራተኞች ቀን ከዚሁ ከቺካጎ ትግል ጋር የተያያዘ ነው።) የዊኪፔዲያ ገጽ ግን ዐቃቤ ሕጉ ተከሳሾቹን ከቦምቡ ጋር የሚያገናኝ ማስረጃ አላቀረበም ይል ነበር። ሜሰር ክሩስ የችሎቱን መዝገብ ያነበቡ፣ 118 ሰዎች ቀርበው መመስከራቸውን የሚያውቁ ሰው ናቸውና፣ ዐረፍተ ነገሩን አውጥተው ምክንያታቸውን ጻፉ። ጥቂት ደቂቃ ሳይቆይ የቀድሞው ተመለሰ። የፍርድ ቤቱን ሰነድና ቀደም ሲል በምሁራን ተመርምሮ የታተመላቸውን ጽሑፍ ጠቀሱ፤ አልሆነም። መዝገቡ የሚከተለው የአብዛኞቹን መጻሕፍት ቃል እንጂ የአንድን ሰው ግኝት አይደለም ተባሉ። እንደገና ሲሞክሩ፣ ለውጡ የተሰረዘው ገጽ የማበላሸት ድርጊት ሊሆን ይችላል በሚል ምክንያት ነበር። በኋላ አዘጋጆቹ «ማስረጃ» ከሚለው ቃል በፊት «ተአማኒ» የሚል ቃል ጨመሩና ነገሩ በዚያ ቆመ። ምሁሩ መጽሐፋቸው እስኪታተም ሁለት ዓመት ጠብቀው ተመለሱ፤ ያም እርማት ከአምስት ደቂቃ በላይ አልቆየም። በየካቲት 2012 ታሪኩን ስለ ከፍተኛ ትምህርት በሚጽፍ ጋዜጣ ላይ አወጡት።

አዘጋጆቹ ፈጽሞ ተሳስተዋል ማለት አይቻልም። አንድ ምሁር የብዙ ዘመን አስተያየት የሚገለብጥ ነገር ሲያገኝ፣ መዝገበ ዕውቀት ቀዳሚ ሳይሆን ተከታይ መሆን አለበት። ይሁን እንጂ «አብዛኞቹ ጸሐፊዎች እንዲህ ይላሉ፤ ሜሰር ክሩስ ግን የችሎቱን መዝገብ ጠቅሰው ይቃወሟቸዋል» ብሎ ሁለቱን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ይቻል ነበር። ይህን አንድ ዐረፍተ ነገር እንዴት እንደሚጽፉ የሚያሳያቸው ሰው ቢያገኙ ኖሮ፣ ያ ሁሉ ጊዜ በከንቱ ባላለፈ ነበር። ዐሥር ዓመት ሰነድ ሲያገላብጥ የኖረን ሰው ግድግዳ ላይ ከሚሞነጫጭር ልጅ ጋር በአንድ ስም መጥራት ደግሞ ስንፍና ነው።

እንዲህ ያለው አቀባበል የአንድ ሰው ዕድል ብቻ አልነበረም። በ2013 አሮን ሃልፋከርና የሥራ ባልደረቦቹ ባወጡት ጥናት እንደተገለጸው፣ የእንግሊዝኛው ዊኪፔዲያ ንቁ አዘጋጆች ቁጥር ከ2007 ወዲህ ሲቀንስ፣ በቅን ልቡና የመጡ አዲስ ሰዎች ሥራ ቶሎ ቶሎ መሰረዙ፣ ያውም ብዙ ጊዜ በኮምፒዩተር መሣሪያ መሆኑ፣ ከዋና ዋናዎቹ ምክንያቶች አንዱ ነበር። ለአጥፊ የተጠመደው ወጥመድ ዐዋቂውንም ያዘ ማለት ነው።

ታዲያ ለዐዋቂ ዙፋን ይዘርጋለት? ላሪ ሳንገር ከዊኪፔዲያ ከተለዩ በኋላ ይህንኑ አስበው፣ በ2006 ምሁራን ልዩ ሥልጣን የሚኖራቸው ሲቲዝንዲየም የተባለ መዝገብ አቋቁመው ነበር፤ ከዊኪፔዲያ ጋር ሲነጻጸር ትንሽ ሆኖ ቀረ። ከዙፋኑ ይልቅ የረዳው ሌላ ነገር ነው። በ2012 በእንግሊዝኛው ዊኪፔዲያ «ሻይ ቤት» የተባለ ገጽ ተከፈተ። በዚያ አዲስ መጤ ይጠይቃል፤ ነባር አዘጋጅም እንደ ቤት ባለቤት ሆኖ በትሕትና ይመልስለታል። በ2018 የወጣ ጥናት ወደዚያ የተጋበዙት ካልተጋበዙት ይልቅ በሥራው መቆየታቸውን አሳይቷል። ስሙን ያወጡት ሰዎች የአዲስ አበባን ሻይ ቤት ያዩ አይመስልም፤ ለኢትዮጵያዊ ጆሮ ግን የሚስማማ ስም ነው።

ጉዳዩ በአማርኛው ዊኪፔዲያ ዘንድ ከዚህም ይብሳል። የእንግሊዝኛው ከ6 ሚሊዮን በላይ ጽሑፎች ሲኖሩት፣ የአማርኛው 20,000 እንኳ አይሞላም። በእንግሊዝኛው አንድ ምሁር ተቀይሞ ቢሄድ ሌላ ይተካዋል፤ በአማርኛው ግን ስለ ቅኔ ወይም ስለ እንሰት አሳምሮ የሚጽፍ ሰው አንዴ ከተመለሰ፣ ገጹ ባዶ እንደሆነ ለዓመታት ሊቀር ይችላል። በኢትዮጵያ ታላላቅ የዕውቀት መዛግብት ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፉ መዘጋጀታቸው አዲስ ነገር አይደለም። መምህር ክፍለ ጊዮርጊስ የጀመሩትን የግእዝ መዝገበ ቃላት አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ ተረክበው ደከሙበት፤ እርሳቸውም ሲያልፉ ደስታ ተክለ ወልድ አደራውን ተቀብለው በ1948 ዓ.ም. ለኅትመት አበቁት። ሥራው ሰው እየተቀያየረበት የዘለቀው እያንዳንዱ ተረካቢ ቀጥሎ የሚመጣውን አስተምሮ በመተካቱ ነው።

እንግዲህ አንድ የቅኔ መምህር ከልጅነታቸው ጀምሮ በቃላቸው የያዙትን የቅኔ ዐይነት ስምና አከፋፈል፣ ምንጭ ሳይጠቅሱ፣ በአማርኛው ገጽ ላይ ቢጽፉ፣ ነባሩ አዘጋጅ አንድ ቁልፍ ተጭኖ ሊሰርዘው ይችላል። ወይም ደግሞ በውይይት ገጹ ላይ «የኔታ፣ የጻፉት እጅግ ጠቃሚ ነው። ይህ አከፋፈል የሚገኝበትን መጽሐፍና ገጹን ቢነግሩኝ፣ ማጣቀሻውን እኔ አስገባዋለሁ» ብሎ ይጽፍላቸዋል። የኔታም በበኩላቸው ለእርሳቸው እንደ ፀሐይ ግልጽ የሆነው ነገር ለማያውቃቸው አንባቢ ማስረጃ እንደሚያስፈልገው አውቀው፣ ሳይቀየሙ መጽሐፉን መፈለግ ይኖርባቸዋል። የታተመ ነገር ከጠፋ፣ ጽሑፋቸው በውይይት ገጹ ላይ ስማቸውን ይዞ ይቆይ፤ አዘጋጁም የኔታ ትምህርታቸውን በመጽሔት የሚያሳትሙበትን መንገድ ይጠቁማቸው።