«ዕርቅ ደም ያድርቅ» — የማን ደም?

ምሽት ነው። ገርጂ፣ ከጋራ መኖሪያ ሕንፃዎቹ በአንደኛው፣ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ሽማግሌዎች ተሰብስበዋል። ቡና ተፈልቷል። ባል አንገቱን ደፍቶ «ሰይጣን አሳስቶኝ ነው» ይላል። ሚስት ያበጠ ዓይኗን በነጠላዋ ጋርዳለች። «በይ ልጄ፣ ገመናሽን አደባባይ አታውጪ። ጣቢያ የከፈትሽውን ፋይል ነገ ሄደሽ ዝጊው። ዕርቅ ደም ያድርቅ!» ተሳሳሙ ተባሉ፤ ተሳሳሙ። ከላይኛው ፎቅ በኪራይ የምንኖር እኛ ተማሪዎችም እፎይ ብለን ተኛን። ወሩ ሳይሞላ ያው ጩኸት፣ ያው ሽማግሌ፣ ያው ቡና!

ለመሆኑ የማን ደም ነው የደረቀው?

እኛ የሽምግልና ጠላቶች አይደለንም። የድንበር፣ የውርስ፣ የብድር ጠብ በሽማግሌ ሲበርድ ደስ ይለናል። የምንቃወመው ወንጀልን እንደ ኩርፊያ ቆጥሮ ሳሎን ውስጥ መጨረስን ነው።

ሕጉስ ምን ይላል? ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሠራበት የወንጀል ሕግ፣ በአንቀጽ 564፣ በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸም የኃይል ድርጊት እንደሚያስቀጣ ይናገራል። እሰየው! ግን ወደ አንቀጽ 556 መለስ እንበል። ቀላል የሚባለው የአካል ጉዳት የሚያስቀጣው በግል አቤቱታ ነው። ጉዱን የያዘችው ይህች ሐረግ ናት። ሴቲቱ አቤቱታዋን ስታነሣ ፋይሉም አብሮ ይዘጋል። የቤት ኪራይ የሚከፍለው እሱ፤ የልጆቹን ትምህርት ቤት የሚከፍለው እሱ፤ አማት፣ አበልጅ፣ ዕድርተኛው ሁሉ ከእሱ ጋር ተሰልፏል። እሷ ብቻዋን ናት። እንዲህ ተከባ «ይቅር ብያለሁ» ብትል ፈቃዷ ነውን?

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 የግልና የቤተሰብ ክርክር በሁለቱም ወገን ፈቃድ በባህል ወይም በሃይማኖት ሕግ ሊዳኝ እንደሚችል ይፈቅዳል። ቡጢ ግን የቤተሰብ ክርክር አይደለም፤ ወንጀል ነው።

«የአባቶችን ሥርዓት አትንኩ» የሚሉን ጓደኞች አሉ። እንዴ! ተነክቷል እኮ! በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ፍቺን የሚወስኑት የቤተ ዘመድ ዳኞች ነበሩ። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ግን ውሳኔውን ለፍርድ ቤት ሰጠ፤ ለሽማግሌዎች የቀረላቸው ማስታረቅ ነው። ታዲያ ሰማይ ተደፋ ወይ? ፍቺን መወሰን ከሽማግሌ እጅ ከወጣ፣ ዱላን መፍረድ ምን ብሎ እዚያው ይቀራል?

«ባሏ ቢታሰር ልጆቿን ማን ያበላል?» ይሉናል ደግሞ። ይህ እውነተኛ ጥያቄ ነው፤ አናቃልለውም። ነገር ግን የመጠለያና የእንጀራ ጥያቄ ነው። መልሱም መጠለያና ሥራ እንጂ «ቻይው» አይደለም።

እ.ኤ.አ. በ2016 የተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት እንደሚለው፣ አካላዊ ወይም ጾታዊ ጥቃት ከደረሰባቸው ሴቶች እርዳታ የጠየቁት ከመቶ 23ቱ ብቻ ናቸው። አብዛኞቹ ለማንም ትንፍሽ አላሉም። እንግዲህ ጣቢያ ድረስ የሄደችዋ ሴት ስንት አጥር ዘላ እንደደረሰች አስቡት! እኛ ደግሞ እጇን ይዘን እንመልሳታለን።

እ.ኤ.አ. በ2011 የአየር መንገድ አስተናጋጅ የነበረች ሴት በቀድሞ ባሏ ጥቃት ሁለት ዓይኖቿን ስታጣ ከተማው ሁሉ አልቅሶ ነበር። ለጠፋ ዓይን የሚያለቅስ ሕዝብ፣ ላበጠ ዓይን ቡና አፍልቶ ያስታርቃል። እስኪጠፋ መጠበቅ አለብን?

የምንለው ግልጽ ነው። በቤት ውስጥ ለሚፈጸም ድብደባ «በግል አቤቱታ» የምትለው ሐረግ ትነሣ። መንግሥት ራሱ ይክሰስ። ሽማግሌዎች ከፍርድ በኋላ ይምጡ፤ ስለ ልጆች፣ ስለ ንብረት፣ ከፈለጉም ስለ ዕርቅ ያነጋግሩ። ከፍርድ በፊት ግን በሯን አያንኳኩ።

ጓደኞቻችን፣ ነገ ዳኛ፣ መምህር፣ ጋዜጠኛ የምንሆነው እኛው ነን፤ ስንሸብት ሽማግሌ ተብለን የምንጠራውም እኛው። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ያን ምሽት ጩኸቱን ሰምተን የሬዲዮናችንን ድምፅ ከፍ አድርገናል፤ አንክድም፤ እናፍርበታለን። ከእንግዲህ ስንሰማ ወርደን በሩን እናንኳኳለን፤ ለምስክርነት ስንጠራም እንሄዳለን። እናንተስ?