የድሮዋን ስልክ ለቆራሌው አትስጧት

ዛሬ የምጽፈው ስለ ጌም ነው። «ደግሞ ጌም!» የምትሉ መምህራን እባካችሁ እስከ መጨረሻው አንብቡልኝ።

የምለው ስለ ታች ስክሪን አይደለም። ድሮ የቢሮ ሰዎች ይይዟቸው ስለነበሩት፣ ከስክሪኑ ሥር ኤ ቢ ሲ ዲው ሁሉ በቁልፍ ስለተደረደረባቸው ስልኮች ነው። ብላክቤሪና ኖኪያ ኢ 63 እንደዚህ ናቸው። ኢ 63 የወጣችው እ.ኤ.አ. በ2008 ነው፤ እኛ ሳንወለድ ማለት ነው። አሁን ኮመዲኖ ውስጥ ተኝታ ትከርማለች። በሰፈራችን ቆራሌው ሲጮህ ከአሮጌ ጫማና ከተበሳ ድስት ጋር ትወጣለች። በእኔ አስተያየት ይሄ ኪሳራ ነው።

የአጎቴ ኢ 63 ላይ ሶኮባን የሚባል ጌም አለ። ስሙ በጃፓንኛ የመጋዘን ጠባቂ ማለት ነው። ሂሮዩኪ ኢማባያሺ የሚባል ጃፓናዊ ፈጥሮት እ.ኤ.አ. በ1982 ለኮምፒውተር ወጣ። ሰውዬው ሳጥኖቹን እየገፋ ምልክት ያለበት ቦታ ያደርሳል። መግፋት እንጂ መሳብ አይችልም። ሳጥኗ ጥግ ከገባች በቃ፣ አትወጣም፤ እንደገና መጀመር ነው። ስለዚህ አንዷን ከመንካታችሁ በፊት አምስት ስድስት እርምጃ ወደፊት ታስባላችሁ። አንዷ ደረጃ ሦስት ቀን ፈጅታብኛለች። በመጨረሻ ባለ ካሬው ደብተሬ ላይ ስያት፣ ቆርኪ እየገፋሁ ነው መንገዷን ያገኘሁት።

«በታች ስክሪንም አለኮ» ትሉኝ ይሆናል። አለ። ግን ጣታችሁ ሳጥኑን ይሸፍነዋል፣ መሃል ላይ ማስታወቂያ ይገባል፣ ከዚያ ሳታውቁት ቲክቶክ ላይ ናችሁ። (አንዋሽ፣ ሁላችንም እናውቀዋለን።) ቁልፍ ግን አንዴ ሲጫኑት አንድ እርምጃ ነው። የአጎቴ ስልክ ሲም የላትም፤ ሲሰለቻችሁ ከማስቀመጥ ሌላ የምትሄዱበት የለም።

ስልክ ወደ ትምህርት ቤት ማምጣት ክልክል ነው፤ እኔም እደግፈዋለሁ። ነገር ግን ሲም የሌላት አሮጌ ስልክ ከቼዝ ሰሌዳ በምን ትለያለች? ስለዚህ የምጠይቀው ሁለት ሦስት እንደዚህ ዓይነት ስልክ ሚኒ ሚዲያ ክፍል ተቆልፎባቸው እንዲቀመጡ ነው። ቁልፉን መምህራችን ይያዙልን፤ እኛ በምሳ ሰዓት በተራ እንጫወታለን። ባትሪው ያበጠ ስልክ ግን አታምጡ፣ ሊቃጠል ይችላል።

እስኪፈቀድልን ድረስ ያቺን የሦስት ቀኗን ደረጃ መጨረሻ ገጽ ላይ ስያታለሁ። አራት ቆርኪ ይዛችሁ ሞክሯት። ያገኛችሁ መልሱን በወረቀት ጽፋችሁ በክበባችን በር ሥር አስገቡልን።

ከ7ኛ «ለ» ክፍል